ጀርባዬን ለቴሌቪዥኑ የሰጠሁበት ጾም

ዘንድሮ በዐቢይ ጾም፣ በእኔ ምክንያት አንድ ሽማግሌ ምግብ ሊያቆሙ ነበር። አላቆሙም፤ እግዚአብሔር ይመስገን። ዛሬ ይህን ቀለል ባለ ልብ የምጽፈውም ስላላቆሙ ነው።

ሽማግሌው እንግሊዛዊ ናቸው። ስማቸውን አልጽፍም፤ ሥራዬም አይፈቅድልኝም፣ እሳቸውም አይወዱትም። ለንደን ውስጥ፣ ኤሌፋንት ኤንድ ካስል አካባቢ፣ ሊፍቱ ሁልጊዜ በሚያቃስት ሕንፃ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ብቻቸውን ይኖራሉ። እኔ ሼፈርድስ ቡሽ ነኝ። ከሰኞ እስከ ቅዳሜ ትዩብ፣ የምድር ውስጡን ባቡር፣ ይዤ፣ አንድ ጊዜ ቀይሬ፣ ምሳቸውን ላበላቸው እሄዳለሁ። ኬረር፣ የአረጋውያን ተንከባካቢ፣ ሆኜ መሥራት ከጀመርኩ ብዙ ዓመት ሆነኝ፤ ጡረታዬም እየቀረበ ነው። ብዙ ቤት ገብቼ ወጥቻለሁ። እንደዚያ ቤት ግን ደስ እያለኝ ደወሉን የምጫንበት የለም። ምክንያቱ፣ ቤተ ክርስቲያን ለምትስም ሴት መናገሩ ትንሽ ቢያሳፍርም፣ ቴሌቪዥኑ ነው።

ሽማግሌው በፈረንጅ አቆጣጠር የስልሳዎቹ ዘመን ተከታታይ ድራማዎች በዲስክ አሏቸው፤ አንድ መደርደሪያ ሙሉ። ግማሹ የሰላዮች ነው። ባርኔጣ ያደረጉ ሰዎች በር ያንኳኳሉ፣ በሩ ይከፈታል፣ ከኋላ አንዱ መጥቶ ማጅራታቸውን ይላቸዋል። ግማሹ ኮሜዲ ነው፤ ባልና ሚስት፣ አማት፣ ነገረኛ ጎረቤት፣ የሚሰበር ሳህን፣ ከዚያ ከየት እንደሚመጣ የማይታይ የብዙ ሰው ሳቅ።

ሽማግሌው ግን እንደ ሌላው ሰው አይደለም የሚያዩት። በወጣትነታቸው በቀረጻ ስቱዲዮ አናጢ ነበሩ። ሰላዩ ያምልጥ ይያዝ ግድ የላቸውም፤ ዓይናቸው በርና ግድግዳ ላይ ነው።

«እይው፣ እይው! በሩን ሲዘጋው ግድግዳው ተንቀጠቀጠ። ‹ቀስ አድርገህ ዝጋ› ብዬው ነበር እኮ። ተዋናይ መቼ ይሰማል!»

ስቱዲዮው አንድ ረጅም ኮሪደር ነበረው። ሰኞ ሞስኮ ነው፤ ማክሰኞ ሆስፒታል ይሆናል፤ ረቡዕ ኮሜዲው ውስጥ ባልና ሚስቱ የሚጣሉበት ሆቴል። ምንጣፉንና ግድግዳው ላይ ያለውን ፎቶ ብቻ ነው የሚቀይሩት። ይህን ካሳዩኝ ወዲህ እኔም ተዋናዩን ትቼ ኮሪደሩን መፈለግ ጀመርኩ። «ያው መጣ!» ስላቸው ሳቃቸው ሳልቻቸውን ይቀሰቅስባቸዋል።

እነዚህን ድራማዎች ያወቅኋቸው ግን እሳቸው ቤት አይደለም። አዲስ አበባ፣ ልጅ ሆኜ፣ በሰፈራችን ቴሌቪዥን የነበረው አንድ ቤት ብቻ ነበር። ቅዳሜ አመሻሽ ላይ የሰፈር ልጅ ሁሉ ግቢው ውስጥ ካለው ቧንቧ እግሩን ታጥቦ ይገባና ወለሉ ላይ ይደረደራል። ሰላዮቹ በእንግሊዝኛ ያወራሉ፤ ማንም አይሰማም። የባለቤቱ ታናሽ ወንድም የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ተማሪ ነበር፤ ጥግ ላይ ቆሞ ያስተረጉምልናል። «ይኼ ጥቁር ኮት የለበሰው ጥሩ ሰው ነው። እናቱ ጠፍታበት ሊፈልጋት ነው ከሩቅ የመጣው።» እኛም ስለዚያ ሰው እናት ስንጨነቅ ከረምን። እኔማ አንድ ቀን አልቅሻለሁ።

ከስንት ዘመን በኋላ ያንኑ ድራማ ሽማግሌው ቤት አየሁት። ጥቁር ኮት የለበሰው ሰው ሌባ ነው። የመጣው የጦር መሣሪያ ንድፍ ሊሰርቅ ነው። እናት የሚባል ነገር ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ የለም። ያ ተማሪ አንዲት ቃል ሳይገባው ሁሉንም ከራሱ ፈጥሮ ነው የነገረን። ይህንን ለሽማግሌው ስነግራቸው ማንኪያቸውን አስቀምጠው በሳቅ እንባቸውን ጠረጉ። «የእሱ ይሻላል» አሉ።

እንግሊዝኛ አንቱታ የለውም፤ እኔ ግን በልቤ አንቱ እያልኩ ነው የምመልስላቸው። እሳቸው ደግሞ በቀልድ «ማዳም» ይሉኛል። ምሳቸውን አሙቄ አቀርባለሁ፤ አንድ አንድ ሻይ በወተት እንይዛለን፤ ግማሽ ሰዓት እናያለን። ብቻቸውን ሲሆኑ ምግብ አይገባላቸውም። ድራማው ከበራና አጠገባቸው ሰው ካለ ግን ሳህኑን ይጨርሳሉ።

ነገሩ የተበላሸው የቅበላ ቅዳሜ ነው።

የዚያን ዕለት ያየነው፣ ሰላዩ ካርታ ላይ ወደማይገኝ የአፍሪካ አገር የሚሄድበትን ነው። ንጉሡ ፊቱን ጥቁር ቀለም የተቀባ እንግሊዛዊ ነው። ፊቱ ተቀብቷል፤ አንገቱ ግን ነጭ ነው። ዙፋኑ ላይ ተቀምጦ አገጩን ቀና ባደረገ ቁጥር ነጩ አንገት ብቅ ይላል። ሽማግሌው ወደ እኔ ዞረው በኩራት፣ «ይህን ቤተ መንግሥት የሠራሁት እኔ ነኝ፤ ከሦስት ጓደኞቼ ጋር፣ በአራት ቀን» አሉኝ።

ሳቄ መጣ። ሰው በሥራው ሲኮራ መሳቅ ነውር ነው ብዬ ከንፈሬን ነከስኩ። አልቻልኩም። ብድግ ብዬ ኩሽና ገባሁና ውሃ ከፍቼ፣ የሻይ ብርጭቆ የማጥብ መስዬ፣ ሳቄ እስኪያልቅልኝ ቆየሁ። ስመለስ ድራማው አልቋል። «ቸር ዋሉ» ብያቸው ወጣሁ።

ሰኞ ጾም ገባ።

እኔ በሁዳዴ ቴሌቪዥን አላይም። ከአገሬ ይዤው የመጣሁት ሥርዓት አይደለም። ለንደን በገባሁበት በመጀመሪያው ዓመት፣ ብቻዬን በአንዲት ክፍል ውስጥ ቴሌቪዥን ላይ ተጥጄ የጸሎት ሰዓቴን ሁሉ በልቶብኝ ነበር። ከዚያ ወዲህ ሆዴ ሲጾም ዓይኔም ይጹም ብዬ ለራሴ ወሰንኩ። እስከ ዘጠኝ ሰዓትም እህል ውሃ አልቀምስም።

አሁን በሰው ቤት «ቴሌቪዥንዎን ያጥፉልኝ» አይባል። ስለዚህ ምሳቸውን አቀረብኩና ወንበሬን ወደ መስኮቱ አዞርኩ። ከቦርሳዬ ዳዊቴን አወጣሁ። «ሻይስ?» አሉኝ። «አይ፣ ዛሬ ይለፈኝ» አልኩ። ለምን እንደሆነ አልነገርኳቸውም። አንደኛ የቀጠረኝ ኤጀንሲ ሲያሠለጥነን፣ ደንበኛ ቤት ሃይማኖት አታንሡ ብሎናል። ሁለተኛ ጾም ለሰው የሚታወጅ ነገር አይደለም፤ ወንጌሉም ፊታችሁን ታጥባችሁ ጹሙ ነው የሚለው። እኔ ሁለቱንም ሕግ የጠበቅሁ መስሎኝ ደስ ብሎኛል።

ማክሰኞም እንደዚያው። ረቡዕ ከኋላዬ ድምፁ ጠፋ። ዞር ስል ሽማግሌው ራሳቸው አጥፍተውታል። ዓሣው እንዳለ ነው፤ ድንቹ ላይ ብቻ የማንኪያ ምልክት አለ።

«ምነው አልበሉም?»

«ይበቃኛል፤ አመሰግናለሁ።»

«ማዳም» አላሉኝም። ያኔ ልብ ማለት ነበረብኝ።

በየሐሙሱ አንዲት ነርስ እየመጣች ትመዝናቸዋለች። የመጀመሪያው ሐሙስ ቀነሱ። ሁለተኛው ሐሙስ ደግሞ ቀነሱ። ድንቹ ላይ ቅቤ ጨመርኩ፤ ሾርባ ሠራሁ፤ ዓሣውን በዶሮ ቀየርኩ። ሳህኑን በትሕትና ገፋ ያደርጉታል። እኔም በበኩሌ ጸሎቴን አበረታሁ። ትዩብ ውስጥ ዳዊት እደግማለሁ፤ ቤቴ ስገባ ስለ እሳቸው ስግደት ጨመርኩ። እሳቸው ቤት ደግሞ ጸሎቴ እንዳይበተን ወሬዬን ቀነስኩ። እኔ በጸለይኩ ቁጥር እሳቸው ይከሳሉ።

ሦስተኛው ሐሙስ ከነርሷ በኋላ ከኤጀንሲው ደወሉልኝ። በሚቀጥለው ሐሙስ ሶሻል ወርከር አብራ ትመጣለች፤ ክብደታቸው እንደገና ከቀነሰ ኬር ሆም፣ የአረጋውያን መጦሪያ፣ ይገባሉ ተባለ። ሽማግሌው ደግሞ መደርደሪያውን፣ ቁም ሣጥኑን፣ የመስኮቱን ደፍ ሳይቀር በእጃቸው ሠርተው የገቡበት ቤት ነው። «ከዚህ የምወጣው ሳጥን ውስጥ ሆኜ ነው» ይሉ ነበር፤ «ሳጥኑንም ቢፈቅዱልኝ ራሴ እሠራዋለሁ።» የዚያን ዕለት ባዶ መደርደሪያ ታየኝ። ቤቴ እስክደርስ እንባዬን መቆጣጠር አልቻልኩም።

እሑድ ከቅዳሴ ስመለስ ልጄ ቤቴ መጥታ ጠበቀችኝ። እዚሁ ተወልዳ ያደገች ናት፤ ትልቅ ሰው ሆናለች፣ ራሷን ችላ ትኖራለች። አማርኛዋ እንደ አውቶቡስ ነው፤ እየቆመ ይሄዳል። ሽሮ አቀረብኩላት።

«ሰውዬሽ ዛሬስ በላ?» አለችኝ።

«በሉ ወይ ነው የሚባለው። በዚያ ላይ ዛሬ እሑድ ነው፤ አልሄድኩም።»

«ኦኬ፣ ትናንት በሉ ወይ?»

«አልበሉም። ያልሞከርኩት ምግብ የለም፤ ያልጸለይኩት ጸሎት የለም።»

«ቆይ፣ ከመቼ ጀምሮ ነው?»

«ጾሙ ከገባ።»

ስልኳን አስቀመጠች። «እማ፣ አንቺ በጾም እዚያ ቤት ምንድነው የምታደርጊው?»

ነገርኳት። ወንበሩን፣ ዳዊቱን፣ ሻዩን። አፏን ከፍታ ታየኛለች።

«ጀርባሽን ሰጠሽው? ሻይም እምቢ አልሽ? ለምን እንደሆነ ሳትነግሪው?»

«ጾም ይነገራል እንዴ? ነጋሪት ላስጎስም?»

«እማዬ፣ ሲሪየስሊ! የእንግሊዝ ሽማግሌ ቤት ሻይ እምቢ ብለሽ ጀርባሽን ከሰጠሽ እኮ ተጣልተሽዋል ማለት ነው። በቃ ፍቺ ነው!»

«አንቺ፣ አፍሽን ያዢ!»

«ከዚያ በፊት ምን ተፈጠረ? መጨረሻ ላይ ምን አያችሁ?»

ስለ ንጉሡና ስለ ነጩ አንገት፣ ስለ ቤተ መንግሥቱና ኩሽና ገብቼ ስለመቆየቴ ነገርኳት። ፊቷን በሁለት እጇ ሸፈነች።

«ኦ ማይ ጋድ። ሰውዬው በዚያ ንጉሥ ሰድቤያታለሁ ብሎ ነዋ! እማ፣ በጣም አፍሮ ነው የማይበላው!»

እጄን ከሽሮው አነሣሁ። ቀኖቹን በጣቴ ቆጠርኩ። ቅዳሜ ኩሽና ገባሁ፤ ሰኞ ዞርኩ፤ ረቡዕ አጠፉት። እኔ ስጾም እሳቸውንም አስጹሜያቸው ኖሯል።

ሰኞ ስገባ ዳዊቴን ከቦርሳዬ አላወጣሁም። ወንበሬን ሳብ አድርጌ ፊት ለፊታቸው ተቀመጥኩ።

«አንድ ነገር ልነግርዎት ነው።»

እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ አስቀመጡ። «ሌላ ቤት ልትሄጂ ነው፤ አውቄዋለሁ። አልፈርድብሽም።»

«የትም አልሄድም! ጾም ላይ ነኝ። ጾማችን ነው። ሥጋ የለም፣ ወተት የለም፤ እስከ ዘጠኝ ሰዓት ምንም አልቀምስም። ቴሌቪዥንም አላይም። ለዚህ ነው የዞርኩት።»

«ሻዩስ?»

«ውሃም አልጠጣም።»

«ውሃም!» አሉ። መስኮቱን አዩ፣ እኔን አዩ፣ ደግሞ መስኮቱን። «እና... ቤተ መንግሥቱ?»

«ምን ሆነ?»

«የዚያን ቀን ተነሥተሽ ኩሽና ገባሽ። ውሃ ከፍተሽ ብዙ ቆየሽ። የምታለቅሺ መሰለኝ። እኔ ደግሞ እንደ ሞኝ ‹እኔ ነኝ የሠራሁት› እልሻለሁ። ስንት ዓመት ሳየው ስድቡ አንድም ቀን ታይቶኝ አያውቅም፤ ከአንቺ ጋር ሳየው ግን ታየኝ። ሰኞ ስትዞሪ፣ እውነቷን ነው አልኩ። ዳቦሽን ከምትገዢበት ሥራ ላይ እንዴት አድርገሽ ትቆጪኛለሽ? ያለሽ ጀርባሽ ብቻ ነው።»

«አላለቀስኩም» አልኳቸው። «እየሳቅሁ ነበር።»

«እየሳቅሽ?»

«የንጉሡ አንገት ነጭ ነበር።»

ከዚያ ትከሻቸው መንቀጥቀጥ ጀመረ፤ ሳቁ መጣ፣ ሳሉም ተከተለ። ውሃ አቀበልኳቸው። «ቀለሙ አለቀ!» አሉ ትንፋሻቸው ሲመለስ። «የምትቀባው ልጅ ቀለሙ አለቀባት! ዳይሬክተሩ ‹አገጭህን ዝቅ አድርግ› እያለ ይጮኻል፤ ንጉሥ ሆኖ እንዴት ዝቅ ያድርግ!»

ቀልዱ አለቀ። ያ ድራማ ጥሩ ነው አላልኩም፤ ጥሩ አይደለም፤ እሳቸውም አላሉም። ግን በመካከላችን የነበረው ነገር ወጥቶ ሄዷል።

ዓሣው ቀዝቅዞ ነበር፤ ደግሜ አሞቅሁት። ስመለስ አንድ ዘዴ አስበው ጠበቁኝ። «ወንበርሽን ወደ እኔ አድርጊው። ጀርባሽ ለቴሌቪዥኑ ይሁን፣ ፊትሽ ለእኔ። እኔ አይቼ እነግርሻለሁ።»

እንደዚያ አደረግን። አንድ የሰላይ ድራማ ተከፈተ። ከኋላዬ የጫማ ድምፅ ይሰማኛል፤ ከፊቴ የእሳቸው ዓይን ይከተለዋል። «ደረጃውን እየወጣ ነው... ያው ኮሪደራችን መጣ... በሩ ጋ ደረሰ...» ማንኪያቸው ባዶውን አየር ላይ ቆሟል። እኔም ሁለት ጆሮዬን በእጄ ደፈንኩ።

«ምን ሆንሽ?»

«አንድ ካልጎረሱ ቀጣዩን አልሰማም።»

«ይኼማ ማስገደድ ነው፣ ማዳም!» አሉና ጎረሱ። እስኪውጡ ጠበቅሁና እጄን አወረድኩ። እንዲህ እንዲህ እያልን ሳህኑ ተጋመሰ። ያ የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ተማሪ ጥግ ላይ ቆሞ ሲያስተረጉም ትዝ አለኝ።

«ለመሆኑ የሚነግሩኝ እውነት ነው ወይስ ከራስዎ?»

«እውነት ነው» አሉ። «ትንሽ ጨምሬበታለሁ።»

ማታ ግን ሕሊናዬ አላረፈም። ለንስሐ አባቴ ደወልኩ። ከመጀመሪያው ጀምሬ ሁሉንም ነገርኳቸውና፣ «በጆሮዬ የሰማሁት ይቆጠርብኛል ወይ አባቴ?» አልኳቸው።

«ሰውየው በሉ?»

«በሉ አባቴ።»

«ሳህኑን ጨረሱ?»

«ዓሣው ትንሽ ቀረ።»

«እንግዲያው ልጄ፣ ነገ የቀረውንም እንዲጨርሱ አድርጊ። የጆሮሽን ነገር ለእኔ ተዪው።» እግዚአብሔር ይፍታሽ ብለው ስልኩን ሊዘጉ ሲሉ፣ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ «ሰላዩ አመለጠ?» አሉኝ።

«አመለጠ፣ አባቴ።»

«ተመስገን።»

ማክሰኞ ኮሜዲ ሆነ፣ ረቡዕ ሰላይ። ረቡዕ ሳህኑ ባዶ ነበር።

ሐሙስ ነርሷና ሶሻል ወርከሯ አብረው መጡ። ሽማግሌው ሸሚዛቸውን እስከ ላይ ቆልፈው ጠበቋቸው። ነርሷ ሚዛኑን ወለሉ ላይ አኖረች። «ነጠላ ጫማዬን የግድ ማውለቅ አለብኝ? ከባድ ነው እኮ፤ ይጠቅመኛል» አሉ። ሳቀችና አስወለቀቻቸው። ሚዛኑ ላይ ወጥተው በገዛ እጃቸው የሠሩትን መደርደሪያ ያዙ። «መደርደሪያውን ይልቀቁት» አለች። ለቀቁት። እኔ ኩሽና በር ላይ ቆሜ፣ የምወለውለውን ሳህን ደረቴ ላይ ይዤ፣ አቡነ ዘበሰማያት ጀምሬ መካከል ላይ ጠፋኝ።

«ግማሽ ኪሎ ጨምረዋል» አለች ነርሷ።

ሶሻል ወርከሯ ምን እንደተለወጠ ጠየቀች። ሽማግሌው ወደ እኔ በአገጫቸው ጠቁመው፣ «ወንበሯን አዞረች» አሏት። ምን እንደጻፈች አላውቅም። ብቻ እዚሁ ይቆያሉ፣ ክትትሉ ይቀጥላል አለችና ፋይሏን ዘጋች። ኩሽና ውስጥ ያለችው በርጩማ ላይ ተቀመጥኩ። ወደ ቤቴ ስመለስ ትዩብ ጣቢያው ውስጥ ሁለት ባቡር መጥቶ ሲያልፍ ቆሜ አየሁ፤ መሳፈር እንዳለብኝ ትዝ ያለኝ ሦስተኛው ሲመጣ ነው። ከዚያ ሐሙስ በኋላ ክብደታቸው አልወረደም።

የፋሲካ ማግስት ሰኞ አንድ ቁራጭ ድፎ ዳቦ ጠቅልዬ ሄድኩ። ሻዩን በወተት አፈላሁ፤ ለሁለት።

«ጾሙ አልቋል?» አሉ።

«አልቋል።»

«እንግዲያው ወንበሩን አዙሪው።»

አዞርኩት። ዲስኩን አስቀድመው ከተውታል። ሲበራ ቤተ መንግሥቱ መጣ። ሳህናቸው ጉልበታቸው ላይ ነው፤ ማንኪያውን ግን አልነኩም። ቴሌቪዥኑንም አያዩም፤ እኔን ነው የሚያዩት።

ንጉሡ ዙፋኑ ላይ ተቀመጠ። አገጩን ቀና አደረገ። ነጩ አንገት ብቅ አለ።

አፌን አልያዝኩም፣ ኩሽናም አልገባሁም። እዚያው ወንበሬ ላይ፣ ጎረቤት እስኪሰማ ሳቅሁ።

«በሩን ግን እይው» አሉኝ፤ «እሱ እንኳ አይንቀጠቀጥም።»

«በሩ ጥሩ ነው» አልኳቸው።

ማንኪያቸውን አነሡ።